ነፋስ፣ ነፍስ፣ ቱቦ

አንዳንድ ቃላት የአንድ እናት ልጆች ናቸው፤ መልካቸው ይለያይ እንጂ አጥንታቸው አንድ ነው። ነፋስ፣ ነፍስ፣ መንፈስ፣ እስትንፋስ… አራቱም ከአንድ የግእዝ ሥር የበቀሉ ናቸው። የጥንት ሰዎች በውጭ የሚነፍሰውንና በውስጥ የሚኖረውን በአንድ ቃል ቤት አሳደሯቸው። አዳምም ቢሆን ከአፈር ተበጅቶ ሲያበቃ የሕይወት እስትንፋስ እፍ ባይባልበት ኖሮ ጭቃ ሆኖ በቀረ ነበር።

እኔ የምኖርበትም ሰፈር ከዚህ ቤተሰብ የራቀ አይደለም። ነፋስ ስልክ ይባላል። በምኒልክ ዘመን ወደ አገራችን የገባው ስልክ በሽቦ ላይ የሚሄድ ነበር፤ ኋላ ሽቦ የማይሻው ራዲዮ ቴሌግራፍ ሲመጣ ሕዝቡ በራሱ ቋንቋ «የነፋስ ስልክ» አለው። መልእክቱ በነፋስ ላይ ይሄዳላ! ዛሬ ከሳሪስ ወደ መሐል ከተማ የሚወስደው መንገድ በሕንፃ ታጥሮ፣ ቀላል ባቡሩም በመሐል አቋርጦት፣ የስሙን ትርጉም የሚጠይቅ ሰው ብዙም የለም። ታክሲ ላይ «ነፋስ ስልክ ወራጅ አለ!» ሲባል ሁላችንም የምንሰማው የቦታ ስም ብቻ ነው። እኔ ግን ከ2016 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ ስሙን በሰማሁ ቁጥር ሌላ ነገር ይታየኛል። ነፋስም ስልክም የቤታችን ጉዳይ ሆነዋልና። እነሆ ዛሬ ስለ አንዲት ቀጭን የፕላስቲክ ቱቦ እጽፋለሁ።

እናቴ የቴሌ ኦፕሬተር ነበረች። ከአሥራዎቹ ዕድሜዋ መጨረሻ ጀምሮ ጡረታ እስከወጣችበት ቀን ድረስ የኖረችው በድምፅዋ ነው። ወጣት ሳለች የስልክ ጥሪ በኦፕሬተር እጅ ይገናኝ ስለነበር ከጎንደር የደወለ ነጋዴ፣ ከአስመራ የደወለ ወታደር፣ ከድሬዳዋ የደወለች ሙሽራ ሁሉ አስቀድሞ የሚሰማው የእርሷን ድምፅ ነበር። ፊቷን የማያውቁ ሰዎች በድምፅዋ ያውቋታል። ቤታችንም ውስጥ ያው ነበር። ጠዋት የምንነቃው በዚያ ጥርት ባለ፣ ቃል በማይውጥ፣ እያንዳንዱን ፊደል እንደ ቡና ፍሬ እየለየ በሚያወጣ ድምፅ ነው። ግጥም የምወደው ከማን ወርሼ እንደሆነ ሰው ሲጠይቀኝ መልሱ ቀላል ነው፦ አንዲት ሴት «እባክዎ ይጠብቁ» ስትል ሰምቼ።

በዚያ ክረምት ሐምሌ መጨረሻ ላይ ጉንፋን ያዛት። ጉንፋኑ ወደ ደረት ወረደ፤ ከደረት ወደ ሳንባ ምች ተሸጋገረ። ዕድሜዋ 67 ነበር። በአራተኛው ቀን ምሽት ሆስፒታል አስገባናት፤ በአምስተኛው ቀን በጭምብል የሚሰጣት ኦክስጅን አልበቃ አለ። ጣቷ ላይ የተቆነጠጠችው መለኪያ የምታሳየው ቁጥር እየወረደ ሄደ፤ ትከሻዋና አንገቷ እስትንፋሷን ለመጎተት እንደ ሸክም ተሸካሚ ይታገሉ ጀመር። ሳንባዋ ደክሟል፤ ከሳንባዋ ይልቅ ደግሞ ሳንባውን የሚያንቀሳቅሱት ጡንቻዎች ደክመዋል። ከዚህ በኋላ የጽኑ ሕሙማን ክፍል ሐኪሟ ወደ ውጭ ጠራችኝ።

ወጣት ናት፤ ምናልባት ከእኔ ታንሳለች። እንቅልፍ ያጣ ዓይኗ ቀልቷል። «ወንድሜ፣ ተቀመጥ» አለችኝ። እርሷም አጠገቤ ተቀመጠች። ቆማ ባለመናገሯ እስከ ዛሬ አመሰግናታለሁ። «እናትህ በራሳቸው ኃይል ብዙ ሰዓት የሚቆዩ አይመስለኝም። በአፋቸው ቱቦ አስገብተን በማሽን እንዲተነፍሱ ማድረግ አለብን። ማሽኑ በሽታውን አያድንም፤ ጊዜ ይገዛል። በዚያ ጊዜ መድኃኒቱ ይሠራል፣ ሰውነታቸውም ያርፋል። ነገር ግን ቱቦውን ማስገባት ራሱ አደጋ አለው። ሁሉንም ልንገርህ ወይስ ባጭሩ?»

ሁሉንም አልኳት። የባንክ ሰው ነኝ፤ በትንሽ ፊደል የተጻፈውን ሳላነብ አልፈርምም።

የነገረችኝን እንደገባኝ ልጻፈው፤ ነገ ለሌላው ይጠቅማልና።

በሽተኛው አስቀድሞ በጭምብል ኦክስጅን እንዲጠግብ ይደረጋል። ከዚያ በመድኃኒት ይተኛል፤ ሌላ መድኃኒት ደግሞ ጡንቻውን ሁሉ ይፈታል። ጡንቻው ካልተፈታ መንጋጋው አይከፈትም፣ ማንቁርቱም ይቃወማል። እዚህ ላይ ልብ በሉ፤ ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ በሽተኛው በራሱ አይተነፍስም። አዲሱ ድልድይ ሳይሠራ አሮጌው ፈርሷል። በሁለቱ ድልድዮች መካከል ያለው ጊዜ በደቂቃ የሚቆጠር ነው። ጤነኛ ሰው ለቀዶ ሕክምና ሲተኛ የጠገበው ኦክስጅን ለበርካታ ደቂቃዎች ያቆየዋል፤ ሳንባው የታመመ ሰው ግን ስንቁ ትንሽ ነው፣ ቶሎ ያልቅበታል። ኦክስጅን ያጣ አንጎል ደግሞ ብዙ አይታገሥም።

በዚያች ጠባብ ጊዜ ባለሙያው ላሪንጎስኮፕ በሚባለው ባለ መብራት መሣሪያ ምላስን ያነሣል፤ ሁለቱን የድምፅ አውታሮች ፈልጎ ያያል፤ በመካከላቸው ባለችው ስንጥቅ ቱቦውን ያሳልፋል። ቱቦው የሚሄድበት መንገድ ድምፅ የሚወጣበት መንገድ ነው፤ ሌላ በር የለም። ለሴት ብዙ ጊዜ ወርዱ 7 ሚሊ ሜትር ያህል የሆነ ቱቦ ይመረጣል፤ ከፊት ጥርስ ሲለካ 21 ሴንቲ ሜትር ገደማ ላይ ይቆማል። ጫፉ ላይ ያለችው ትንሽ ፊኛ አየር ተሞልታ ክፍተቱን ትዘጋለች። ከዚያ ይታሰራል፤ ከማሽኑ ጋር ይገናኛል።

ምን ሊበላሽ ይችላል? ጥርስ ሊሰበር፣ ከንፈር ሊቆረጥ ይችላል፤ ይህ ቀላሉ ነው። በሆድ ያለው ነገር ወደ ላይ ተመልሶ ሳንባ ውስጥ ሊገባ ይችላል። ቱቦው ከሚገባው በላይ ጠልቆ ወደ ቀኙ ሳንባ ብቻ ሊያመራ ይችላል፤ ቀኙ የአየር ቧንቧ ከግራው ይሰፋል፣ ቀጥ ብሎም ይወርዳልና። በዚህ ጊዜ ግራው ሳንባ ያለ አየር ይቀራል። የሚያስተኛው መድኃኒትና የማሽኑ ግፊት ተባብረው የደም ግፊትን ሊያወርዱ ይችላሉ፤ ልብ የቆመበትም ጊዜ አለ። ከሁሉ የከፋው ግን ቱቦው ስቶ ወደ ምግብ ቧንቧ መግባቱ ነው። ስሕተቱ ራሱ በማንም ባለሙያ እጅ ሊደርስ የሚችል ነው፤ የሚገድለው ሳይታወቅ ሲቀር ነው። ለዚህም ነው ከቱቦው የሚመለሰው አየር ካርቦን ዳይኦክሳይድ እንዳለው የሚያሳየው መሣሪያ የሚያስፈልገው። ከሳንባ የተመለሰ አየር ይህ ጋዝ አለው፣ ከጨጓራ የተመለሰው ግን አይዘልቅም። በእንግሊዝ አገር የሰመመን ሐኪሞች ይህንኑ በአጭር መፈክር አድርገው ያስተምራሉ፤ በመሣሪያው ላይ ምልክት ካልታየ ቱቦው ያለቦታው ነው ማለት ነው።

ይህ የመግቢያው ቀን አደጋ ነው። የመቆያው ቀን ደግሞ የራሱ አለው። ቱቦው ከአፍ እስከ ሳንባ ደጅ የተዘረጋ ድልድይ ስለሆነ ተሕዋስያንም ይሻገሩበታል፤ በማሽን ላይ ያለ ሰው አዲስ የሳንባ ምች ሊይዘው ይችላል። አክታ ቱቦውን ሊደፍነው ይችላል። ፊኛዋ ከመጠን በላይ ከተነፋች የቧንቧውን ግድግዳ ተጭና ደም ታሳጣለች፤ ውሎ አድሮ ቁስሉ ሲሽር ቧንቧው ሊጠብ ይችላል። ብዙ ቀን ከቆየ አንገት ላይ ቀዳዳ ከፍቶ ቱቦውን በዚያ ማድረግ ሊያስፈልግ ይችላል። በመጨረሻም የድምፅ አውታሮቹ አሉ፤ ሌት ተቀን ባዕድ ነገር በመካከላቸው ተቀምጦ ያለ ጉዳት ላይለቃቸው ይችላል።

«ኦፕሬተር ነበሩ ብለኸኛል» አለች ሐኪሟ፤ ከዚያ ዝም አለች።

አንባቢ ሆይ፣ እዚህ ላይ ጥቂት ወደ ኋላ ልመለስ። ሰው ቱቦ በሰው ጉሮሮ ውስጥ ለማስገባት እንዴት ደፈረ? ቬሳሊየስ የተባለው የሰውነት መርማሪ እ.ኤ.አ. በ1543 ባሳተመው ታላቅ መጽሐፉ በእንስሳ የአየር ቧንቧ ውስጥ መቃ ሰክቶ እፍ ቢልበት ሳንባው እንደገና እንደሚነሣ ጽፏል። መቃ! የእኛ እረኛ ዋሽንት የሚሠራበት ዓይነት ነገር። ከዚያ ሦስት መቶ ዓመት አለፈ። እ.ኤ.አ. በ1878 የግላስጎው ሐኪም ዊልያም ማክዌን አፉ ውስጥ ዕጢ ላለበት ሰው በአፍ በኩል ቱቦ አስገብቶ ማደንዘዣ ሰጠበት። በ1880ዎቹ ደግሞ ጆሴፍ ኦድዋየር የተባለ የኒው ዮርክ ሐኪም በጉሮሮ የሚዘጋው የዲፍቴሪያ በሽታ ልጆች ታፍነው ሲሞቱ ማየት ቢመርረው ትንንሽ የብረት ቱቦዎች ሠርቶ በአፋቸው ያስገባ ጀመር።

ከሁሉ ይልቅ ልቤን የያዘው ግን የኮፐንሃገን ታሪክ ነው። እ.ኤ.አ. በ1952 በዚያች ከተማ የፖሊዮ ወረርሽኝ ገባ። ብሌግዳም በሚባለው ሆስፒታል እስትንፋሳቸው ከተያዘባቸው የመጀመሪያዎቹ 31 በሽተኞች 27ቱ ሞቱ። ቢዮርን ኢብሰን የሚባል የሰመመን ሐኪም ተጠርቶ መጣ፤ ሞት አፋፍ ላይ በደረሰች የ12 ዓመት ልጃገረድ አንገት ላይ በተከፈተ ቀዳዳ ቱቦ አስገብቶ በእጅ በሚጨመቅ ከረጢት አየር ሰጣት። ዳነች። ነገር ግን ለሁሉም የሚበቃ ማሽን አልነበረም። ስለዚህ 1,500 ያህል የሕክምናና የጥርስ ሕክምና ተማሪዎች ተጠሩ፤ በየአልጋው ራስጌ ተቀምጠው በፈረቃ፣ ሌት ከቀን፣ ለሳምንታት ከረጢት ጨመቁ። የሟቾቹም ቁጥር ከግማሽ በታች ወረደ። ዛሬ በየአገሩ ያለው የጽኑ ሕሙማን ክፍል የተወለደው ከዚያ ነው ይባላል። እስኪ አስቡት፤ አንድ የሃያ ዓመት ተማሪ የማያውቀውን ሕፃን እስትንፋስ በመዳፉ ይዞ ሲያድር። መጨመቁን ቢያቆም ልጁ ያልቃል። ወንድምነትን በዚህ መልክ የገለጠ ግጥም እስከ ዛሬ አላነበብኩም።

ወደ ነገሬ ልመለስ። ከሐኪሟ ዘንድ ስወጣ ኮሪደሩ ላይ ቤተሰቡ ይጠብቀኝ ነበር። ነገሩን ስነግራቸው ታናሽ ወንድሜ ቁጣ ቁጣ አለው። «ማሽን ውስጥ የገባ ሰው ተመልሶ አይቼ አላውቅም» አለ። ታላቅ አክስታችን ነጠላዋን አጣፍታ «ልጄ፣ ከአምላክ የተሰጠ እስትንፋስ በፕላስቲክ ይተካል እንዴ? ተዋት፣ በሰላም ትሂድ» አለች።

ይህን ቃል በየሆስፒታሉ በር ያልሰማ ሰው ያለ አይመስለኝም። ምንጩም ይታወቃል። መጋቢት 4 ቀን 2012 ዓ.ም. የመጀመሪያው የኮሮና በሽተኛ በአገራችን መገኘቱ ሲነገር «ቬንትሌተር» የሚለው ቃል በአንድ ሳምንት ውስጥ ከሐኪም አፍ ወደ ጉልት ወረደ። በእካ ኮተቤ ሆስፒታል፣ ኋላም ለዘፈንና ለኤግዚቢሽን በምናውቀው በሚሌኒየም አዳራሽ አልጋ ተዘርግቶ ሰው ተኛ። ማሽኑ ጥቂት እንደሆነ ሁሉም አወቀ፤ ማሽን ላይ ከደረሱት ብዙዎቹ እንዳልተመለሱም ሁሉም ሰማ። ከዚያ ወዲህ በሕዝቡ ልብ ውስጥ ቱቦው የሞት ዋዜማ ሆኖ ቀረ።

የወንድሜ ፍርሃት ከንቱ ፍርሃት አልነበረም። ኋላ ሳነብ እንዳገኘሁት፣ እ.ኤ.አ. በ2021 በታተመ፣ 29 አገሮችን ባካተተና በ2,964 ጽኑ ሕሙማን ላይ በተደረገ ጥናት፣ ቱቦ ሲገባላቸው ወይም ወዲያው በተከታዩ ጊዜ ከ100 ሰዎች 45ቱ ያህል ቢያንስ አንድ ከባድ ችግር ደርሶባቸዋል፤ አብዛኛው የደም ዝውውር መናጋት ነው። ከ100 ሦስቱ ያህል ልባቸው ቆሟል። እነዚህ ብዙዎቹ በደህና የተደራጁ ሆስፒታሎች ናቸው። እንግዲህ ፍርሃቱን «ያልተማረ ሰው ወሬ» ብሎ ማለፍ አይቻልም።

ነገር ግን በፍርሃቱ ውስጥ አንድ የተደባለቀ ሒሳብ አለ። ቱቦው የሚገባለት ሰው አስቀድሞ ወደ ሞት እየሄደ ያለ ሰው ነው። ድርቅ ባለበት አገር ሁሉ የእርዳታ መኪና ይታያል፤ ስለዚህ ድርቁን ያመጣው መኪናው ነው አንልም። «ከገቡት ስንቱ ወጣ?» የሚለው ጥያቄ ብቻውን አይበቃም፤ «ባይገባላቸው ኖሮ ስንቱ ይወጣ ነበር?» የሚለውም አብሮ መጠየቅ አለበት። ይህን ለወንድሜ በለሆሳስ ነገርኩት። መልስ አልሰጠኝም። ሐኪሟን ግን አንድ ነገር ጠየቃት፦ «የአንቺ እናት ብትሆንስ?» እርሷም «እፈርም ነበር፤ እየፈራሁ» አለች። ከዚህ በኋላ ወንድሜ ወደ ግድግዳው ዞረ።

የቀረው የእናቴ ፈቃድ ነበር። አእምሮዋ ንቁ ነው፤ ሐኪሟም ቀርባ ነገሩን በአጭሩ አስረዳቻት። እናቴ አንድ ጊዜ እኔን፣ አንድ ጊዜ ወንድሜን አየች፤ ከዚያ ራሷን ነቀነቀች። ጭምብሉን በጣቷ ገለጥ አድርጋ በመቆራረጥ «ዛሬ… ማክሰኞ ነው… ውሃ ይመጣል… ሮቶውን ሙሉ» አለች። በዚያ በምናውቀው ድምፅዋ የሰማነው የመጨረሻው ዓረፍተ ነገር ይህ ነው። በሳምንት ሁለት ሌሊት ብቻ ውሃ በሚመጣበት ሰፈር ይህ ቀላል ኑዛዜ አይደለም።

ወረቀቱን ፈረምኩ። ሥራዬ የሰው ፊርማ ማመሳከር ነው። በየቀኑ በካውንተሬ በኩል የሚያልፈውን ፊርማ ከናሙናው ጋር አስተያያለሁ፤ ያልተመሳሰለውን በትሕትና እመልሳለሁ። የዚያን ቀን ፊርማዬ ቼክ ላይ ቢመጣልኝ ኖሮ ገንዘቡን አልከፍልበትም ነበር።

ዘጠኝ ቀን በማሽን ላይ ቆየች። ስለ ዘጠኙ ቀን ብዙ አልጽፍም፤ አስታማሚ የሆነ ያውቀዋል፣ ያልሆነ ባያውቀው ይሻላል። ሁለት ነገር ብቻ ልናገር። አንደኛው እጆቿ በስስ ጨርቅ ከአልጋው ጋር መታሰራቸው ነው። መጀመሪያ ሳይ ሆዴ ተላወሰ። ኋላ ሲስተሯ አስረዳችኝ፤ የማደንዘዣው ኃይል ሲቀንስ በሽተኛ ቱቦውን በገዛ እጁ ይነቅላል፤ ፊኛዋ እንደተነፋች ስትወጣ ደግሞ አውታሮቹን ትቀድዳለች። ሁለተኛው የእነዚያ ሲስተሮች ሥራ ነው። ራስጌዋን ከፍ አድርገው ያስተኛሉ፤ አፏን በየሰዓቱ ያጸዳሉ፤ አክታዋን ይመጥጣሉ፤ የቱቦውን ቁጥር ከጥርሷ ጋር እያዩ «21» ብለው ይመዘግባሉ። የምትዘጋ ሒሳብ የሌላት ባንክ እንዳለች ቁጠሩት። ከማሽኑ በፊት ሰው ያድናል ወይም ይገድላል፤ ማሽኑ ከዚያ በኋላ ነው።

በዘጠነኛው ቀን መድኃኒቱን ቀንሰው በራሷ ስትተነፍስ ፈተኗት። አለፈች። ቱቦው ወጣ። አሳለች፣ አነቃት፣ እንደገና አሳለች። ዓይኗን ከፍታ አየችኝ፤ ከንፈሯም ተንቀሳቀሰ። ድምፅ ግን አልወጣም።

ለጊዜው ነው አሉን፤ ጉሮሮ ከቱቦ በኋላ መጎርነኑ የተለመደ ነው፣ ብዙ ጊዜም በቀናት ይተዋል። የእናቴ ግን በቀናት አልተወም። ውሃ ስትጠጣ ትንቅ ትላለች፤ አጥሚትና ገንፎ በማንኪያ እየተሰጣት ሰነበተች። በሁለተኛው ወር የአንገት በላይ ሐኪም በአፍንጫዋ በኩል ቀጭን ካሜራ አስገብቶ አየ። የግራው አውታር እንደ ቀኙ አይንቀሳቀስም፤ ሁለቱ ሲገናኙ በመካከላቸው ክፍተት ይቀራል፤ በዚያ ክፍተት ነፋስ ያመልጣል። አያችሁ? ነፋሱ ተመለሰ፤ ስልኩ ግን ተበላሸ።

የድምፅ ልምምድ ታዘዘላት። በየጠዋቱ መስኮቱ አጠገብ ተቀምጣ «ኣ…» ትላለች፤ እስትንፋሷን እየቆጠበች ቁጥር ትቆጥራለች። ዛሬ በደንብ ትሰማለች፤ ነገር ግን ሌላ ሰው ናት። ድምፅዋ ወፍሯል፣ ሻክሯል፣ ሲመሽ ይደክማል። አንድ ቀን ለውሃ ክፍያ ጉዳይ ስልክ ስትደውል ከወዲያ ያለው ልጅ «እሺ ጌታዬ» አላት። ስልኩን ዘግታ ትንሽ ሳቀች። ከዚያ ወጥ ልታማስል ወደ ማድ ቤት ገባች፤ ከወትሮው ዘግየት ብላም ወጣች።

ይህን የሰሙ የሥራ ባልደረቦቼ ዘመድ ሲታመምባቸው እየመጡ «ይፈረም ወይ?» ይሉኛል። እኔ ሐኪም አይደለሁም፤ ፈርሙ ወይም አትፈርሙ አልልም። የምነግራቸው ምን እንደሚጠይቁ ነው። ቱቦው የሚገዛው ጊዜ ለምን ይውላል? የሚድን ሕመም አለ ወይ? ማን ያስገባዋል? ወደ ሳንባ መግባቱንስ በምን ታረጋግጣላችሁ? በአንደኛው ሙከራ ካልተሳካ ቀጣዩ መንገድ ምንድን ነው? ከስንት ቀን በኋላ ነው ዳግመኛ ተቀምጠን የምንመካከረው? ጥሩ ሐኪም በእነዚህ ጥያቄዎች አይቆጣም፤ የእኛዋ እንዲያውም ወንበር ስባ ተቀመጠች።

ሌላም አለ። እኛ አገር ስለ ሞት አስቀድሞ ማውራት ሟርት ነው። በመሆኑም የእያንዳንዱ ሽማግሌ ፈቃድ ለመጨረሻዋ ሰዓት ይተዋል፤ በዚያች ሰዓት ደግሞ ሽማግሌው የሚናገርበት አየር የለውም። በጤናው ቀን፣ ቡናው ተፈልቶ ሳለ ብንጠይቅ ምናለ? «እማዬ፣ እንዲህ ቢሆን ምን እናድርግ?» ከባድ ነው፤ ነገር ግን ሰው ራሱ የመለሰውን ማስፈጸም በግምት ከመፈረም ይቀላል።

ከዚያ ክረምት በኋላ ይህችን ጻፍኩ፦

በአፍንጫ የመጣሽ ፥ ሳንጠራሽ የገባሽ፣
ሒሳብም ሳትጠይቂ ፥ ዘመን ያገለገልሽ፣
ዛሬማ በሰው እጅ ፥ በቱቦ ሲሰፍሩሽ፣
አወቅነው ዋጋሽን ፥ በሊትር ሲቆጥሩሽ።
ድምፅማ ይሰንጠቅ ፥ ይጎርንን ይሻክር፣
ግቢና ውጪልን ፥ ሌላው ነገር ይቅር።

ለእናቴ አነበብኩላት። እስከ መጨረሻው አዳመጠች። ከዚያ በዚያ በአዲሱ፣ በሚሻክረው ድምፅዋ፣ እያንዳንዱን ፊደል ግን እንደ ጥንቱ እየለየች እንዲህ አለችኝ፦

«ጥሩ ነው። ግን ‹ድምፅማ ይሰንጠቅ› ያልከው አንተ ነህ፤ እኔ አላልኩም። መኖሬን እወደዋለሁ። ድምፄም ይናፍቀኛል። ሁለቱንም ጻፍልኝ።»

ግጥሙን አልለወጥኩትም፤ ልጅ ስለ እናቱ መኖር የዘፈነው ነውና እንዳለ ይቆይ። ቃሏን ግን እንዳዘዘችኝ ከሥሩ አኑሬዋለሁ።

ቸር ያሰማን።

ነፋስ ስልክ፣ አዲስ አበባ